እፈልጋለሁ ያለችው ጎረቤቴ

መንግሥት በተለወጠበት ዓመት መካኒሳ ውስጥ ወደሚገኝ አንድ አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት በአስተማሪነት ተመደብኩ። ገና ከማሠልጠኛ የወጣሁ ወጣት ነበርኩ። ጠመኔዬን በየቀለሙ ለይቼ በጣሳ አስቀምጣለሁ፣ መጽሐፎቼን በቁመታቸው እደረድራለሁ፣ ማንም ሳይጠይቀኝም አስረዳለሁ። ዝናብ እንዴት እንደሚፈጠር ለወተት ሻጯ፣ የምድር ወገብ የት የት እንደሚያልፍ ለሻይ ቤቱ አሳላፊ አስረድቼ አውቃለሁ።

የተከራየሁት ክፍል ከትምህርት ቤቱ አጥር ጀርባ ባለ ግቢ ውስጥ ነበር። የግቢው ባለቤት ጡረታ የወጡ የከባድ መኪና ሾፌር ናቸው፤ የሰፈሩ እድር ዳኛም እሳቸው ነበሩ። ሁላችንም ጋሼ እንላቸዋለን። ከእኔ ጋር በአንድ ግድግዳ የምትዋሰነው ተከራይ ደግሞ ብርድ ልብስ ፋብሪካ የምትሠራ የሁለት ልጆች እናት ናት። ባሏ መንገድ ሥራ ላይ ስለሆነ አብዛኛውን ጊዜ ክፍለ አገር ነው። በመጀመሪያው ሳምንት «እትዬ፣ እንደምን አደሩ?» ብላት፣ «እትዬው ይሁን፣ አደሩው ግን ይቅርብኝ፤ አታስረጀኝ» አለችኝ። ከዚያ ወዲህ እትዬ እያልኩ አንቺ እላታለሁ። እሷ እኔን «አስተማሪው» ትለኛለች። ትልቋ ልጇ የእኔው ተማሪ ነበረች።

በግቢው ውስጥ ደህና ሬዲዮ ያለኝ እኔ ነኝ። በዜና ሰዓት መስኮቴ ላይ አስቀምጬ ድምፁን ከፍ አደርገዋለሁ። ጋሼ በርጩማቸውን ይዘው ይመጣሉ፤ ጎረቤቴ የታጠበ ልብስ እያጣጠፈች ትሰማለች። አዲሱ ዓመት ገብቶ በጥቅምት አንድ ቀን እንዲህ የሚል ዜና ተነገረ፦ ከእኛ በስተደቡብ ርቃ በምትገኝ፣ መዳብ በምታወጣ አንዲት የአፍሪካ አገር የሠራተኞች ማኅበር መሪ የነበረ ሰው፣ ከነፃነት ጊዜ ጀምረው የገዙትን ፕሬዚዳንት በምርጫ አሸነፈ። ተሸናፊውም ሽማግሌ ውጤቱን ተቀብለው ሥልጣናቸውን አስረከቡ።

ጋሼ ከበርጩማቸው ብድግ አሉ። «ቆይ፣ ቆይ። ታንክ የለም?»

«የለም ጋሼ።»

«በሬዲዮ የተነበበ መግለጫ? ሰዓት እላፊ?»

«የለም። ሰዎች ተሰልፈው፣ ወረቀት ሳጥን ውስጥ ከተው ነው።»

«እኛስ ዕድሜ ልካችንን አልተሰለፍንም እንዴ?» አሉና ወደ ጎረቤቴ ዞሩ። «ለስኳር!»

በማግሥቱ ጠመኔ ይዤ የአፍሪካን ካርታ በግቢው የቆርቆሮ በር ላይ ሣልኩ። ቢሯችን ውስጥ ካገኘሁት የቆየ መጽሔት ያነበብኩትንም ጨመርኩላቸው። ሰውየው በወጣትነቱ ከትምህርት ተባሯል፤ አውቶቡስ ላይ ትኬት ይቆርጥ እንደነበረም ይወራል። በኋላ የሠራተኞች ማኅበር ውስጥ ገብቶ ደረጃ በደረጃ እስከ ላይ ወጣ፤ ለሠራተኛው በመናገሩም ታስሯል።

«ወያላ ነበር በለኛ!» አሉ ጋሼ በደስታ። «ነገ ውይይት ታክሲ ላይ ስሳፈር ለወያላው ባርኔጣዬን አነሣለሁ። ማን ያውቃል?»

ጎረቤቴ ግን አልሳቀችም። ያጣጠፈችውን አንሶላ እንደ ያዘች ጠየቀችኝ። «እሱ ራሱ ነው ልሁን ያለው?»

«አዎ። መድረክ ላይ ወጥቶ፣ ምረጡኝ፣ እችላለሁ፣ እፈልጋለሁ ብሎ።»

«በገዛ አፉ?»

«በገዛ አፉ።»

«አያፍርም?» አለች። አንሶላውን ሌላው ላይ ደርባ ወደ ክፍሏ ገባች።

ይህ ጥያቄዋ ለምን ከባድ እንደነበረ ላስረዳ። በእኛ ሰፈር ሹመት የሚፈልግ ሰው አልፈልግም ማለት አለበት። ጋሼ በየዓመቱ በእድሩ ጠቅላላ ስብሰባ ላይ ዘንጋቸውን ተመርኩዘው ይነሣሉ። «ደክሞኛል፣ ዓይኔም ፈዟል፣ ሌላ ምረጡ» ይላሉ። ሴቶቹ «ኧረ በማርያም!» ይላሉ፣ ወንዶቹ ተነሥተው ይለምናሉ፤ ጋሼ እንደ ተገደደ ሰው አንገታቸውን ደፍተው ይቀመጣሉ። ለሌላ ዓመት ዳኛ ሆኑ ማለት ነው። ምግብ ሲቀርብ እንደምንግደረደረው ሁሉ ወንበር ሲቀርብም እንግደረደራለን። ተግደርዳሪውም ለማኙም የየራሱን ድርሻ ያውቃል፤ ማንም ተሳስቶ አያውቅም። እስከዚያ ጊዜ ድረስ እኔ ሲሳሳት ያየሁት ሰው አልነበረም።

በዓመቱ ጎረቤቴ ሦስተኛ ልጇን ወለደች። የወሊድ ፈቃዷ አልቆ ሥራ ስትገባ የእኔ ክፍል ችግር ጀመረ። ልጇ አምስተኛ ክፍል ገብታ አሁንም በእኔ ሥር ነበረች፤ የክፍሉ አለቃ ያደረግኋትም እኔ ነኝ፣ ደብተሯን እንደ እኔ በቀለም ስለምትለይ። ያቺ ልጅ ከእረፍት በኋላ መጥፋት ጀመረች። እረፍት ሲደወል ወደ ቤት ትሮጣለች፣ ሕፃኑን ከጋሼ ባለቤት ተቀብላ ታዝላለች፣ እስከ ፋብሪካው በር ትወስደዋለች። እናቷ ማሽኗን ለጓደኛዋ አደራ ብላ ወደ በሩ ትወጣለች፤ የበሩ ዘበኛ ከበር ውጪ አንድ እግር አታወጪም ይላታል። ሕፃኑ በብረቱ ፍርግርግ መካከል ይጠባል። ልጅቷ ስትመለስ ትምህርቱ ሊያልቅ ይቃረባል።

እሷ ብቻ አልነበረችም። ከእረፍት በኋላ የኋላው አግዳሚ ባዶ ይሆናል፤ ከሀና ማርያም በኩል የሚመጡ ሁለት ልጆችም ታናናሾቻቸውን አዝለው እዚያው በር ላይ ነበሩ። ሁሉም ሴቶች ልጆች ናቸው። ዳይሬክተራችን ክፉ ሰው አልነበረም፤ ነገር ግን ደንብ አክባሪ ነበር። ቢሮው አስጠርቶ፣ «በዚህ ዓይነት ከቀሩ ፈተና አይቀመጡም። ክፍል ይደግማሉ» አለኝ። የሚደግም ሴት ልጅ ምን እንደሚገጥማት ሁለታችንም እናውቃለን። አትደግምም፤ ቤት ትቀራለች።

ለጎረቤቴ ነገርኳት። ሕፃኑን እያጠባች ነበር፤ ልጅቷ ጥግ ላይ ተቀምጣ ከጓደኛዋ የተዋሰችውን ደብተር ትገለብጣለች።

«ምን ላድርግ አስተማሪው? ሥራዬን ልተው?»

«አይደለም። ሕፃናቱ ግቢ ውስጥ የሚቀመጡበት አንድ ክፍል…»

«እሱንማ እኛም እናውቃለን። ከመፈተያው ጀርባ የብጥስጣሽ ክር መጋዘን አለ፣ አይጥ ነው የሚኖርበት። ለአይጥ የተረፈ ክፍል ለልጅ አይጠፋም። ግን ማን ይጠይቅ?»

ማን እንደሚጠይቅ የሚወሰንበት ቀን ደረሰ። አዲሱ የሠራተኛ ሕግ ወጥቶ ስለነበር የፋብሪካው ሠራተኞች ማኅበራቸውን እንደገና አቋቁመው ሰብሳቢ ሊመርጡ ሆነ። የፋብሪካው አዳራሽ በጥጥ ስለተሞላ የትምህርት ቤታችንን አዳራሽ ለመኑ። ቁልፉ የሚቀመጠው እኔ ዘንድ ነው። እሑድ፣ ሰዎች ከብስራተ ገብርኤል ቅዳሴ በነጠላቸው ቀጥታ መጡ። በሩን ከፈትኩ፣ ጥቁር ሰሌዳውን አጸዳሁ፣ ከኋላ ቆምኩ።

ስብሰባውን የመሩት አንድ ሸበቶ የፋብሪካው የክፍል አለቃ ናቸው፤ በቀድሞው መንግሥት ጊዜም የማኅበሩ ሰብሳቢ እሳቸው ነበሩ። መጀመሪያ እሳቸው ተጠቆሙ። «አረጀሁ፣ ተዉኝ» አሉ። ፊት የተቀመጡት ሰዎቻቸው ጮኹ፦ «አይሆንም! ከእርስዎ ወዲያ ማን አለ!» አንገታቸውን ደፉ፤ ስማቸው ሰሌዳው ላይ ተጻፈ። ቀጥሎ ከመፈተያው ሴቶች አንዷ ተነሥታ ጎረቤቴን ጠቆመች። አዳራሹ ውስጥ ጭብጨባ ሆነ። ስሟ ተጻፈ። ጎረቤቴ ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ ተነሣች፤ እንደ ወጉም፣ «እኔ አልችልም፣ ልጆች አሉብኝ፣ ከእኔ የተሻለ አለ» አለች።

ሴቶቹ ለመለመን አፋቸውን ሲከፍቱ የክፍል አለቃው ቀደሙ። «እህታችን አልችልም ብላለች። ፈቃዷን እናክብርላት!» አሉና በእኔው ዳስተር ስሟን ጠረጉት።

ጎረቤቴ እንደ ቆመች ቀረች። ተቀመጪ የሚላት ሰው አልነበረም፤ ተነሺ የሚላትም። ምርጫው እጅ በማውጣት ሆነ፣ ብቻቸውን የቀሩት ሰውዬም ተመረጡ። ሰሌዳው ላይ ስሟ የነበረበት ቦታ ነጭ የአቧራ ደመና ሆኖ ይታይ ነበር።

ቤት ስንደርስ ነጠላዋን አውልቃ ወረወረችው።

«ስግደረደር እያየኝ እንዴት ያምነኛል! አንድ ጊዜ እንኳ ሳይለምነኝ!»

ጋሼም ከልባቸው ተናደዱ። «ነውር ነው! ሰው አልችልም ስላለ ይታመናል? እኔን እንደዚህ አምነውኝ ቢሆን ኖሮ ይሄኔ ተራ አባል ነበርኩ!»

ያን ጊዜ ልጅቷ ከጥግ ተናገረች። «እማዬ፣ ትኬት ቆራጩ ሰውዬ ግን አልተግደረደረም።»

የቆርቆሮ በሩን ካርታ ዝናብ አጥቦት ነበር፤ ልጅቷ ግን አልረሳችውም። ጎረቤቴ ወደ ልጇ ዞረች።

«እሱ ወንድ ነው» አለቻት።

«ሕዝቡ እሱን የመረጠው ምን እንደሚፈልግ ስለነገረው ነው» አልኩና ልቀጥል ስል እጇን አነሣች።

«በቃ አስተማሪው፣ ገብቶኛል። አታስረዳኝ።»

ዕድል የመጣልን ካላሰብነው በኩል ነበር። ከሠራተኛ ጉዳይ ቢሮ የመጣው ታዛቢ ምርጫውን አላጸደቀውም። በዚያ እሑድ አንደኛው ፈረቃ በሙሉ ሥራ ላይ ስለነበረ ምልዓተ ጉባኤ አልሞላም፤ ምርጫውም በምስጢር መሆን ነበረበት። እንደገና ይጠራ ተባለ። እኔ የጠመኔ ካርቶን ከላዩ ቀድጄ፣ በወረቀት ለብጬ የድምፅ ሳጥን ሠራሁ። እንዴት እንደሚታጠፍም በሰሌዳ ላይ ሥዬ አስረዳሁ፤ ማንም አልከለከለኝም።

በሁለተኛው ስብሰባ አዳራሹ ሞልቶ ሰው በመስኮት ቆሞ ነበር። የክፍል አለቃው እንደ ልማዳቸው ተለመኑ፣ አንገታቸውን ደፉ። ከዚያ ጎረቤቴ ማንም ሳይጠቁማት ተነሣች። ነጠላዋን ከአፏ ላይ አወረደች።

«እኔ እፈልጋለሁ» አለች።

አንድ ሰው ከፊት «እ?» አለ፤ ጥቂቶች ሳቁ። አንዲት አሮጊት የጽዳት ሠራተኛ «ውይ ልጄን!» ብለው ፊታቸውን በእጃቸው ሸፈኑ፣ ራቁቷን እንዳዩዋት።

«እፈልጋለሁ» አለች ደግማ። «እችላለሁም። የምፈልገውም ለዚህ ነው፦ የብጥስጣሽ ክር መጋዘኑ ለሕፃናት ይለቀቅ። ልጆቻችን በብረት መካከል አይጥቡ። ሴቶች ልጆቻችን ትምህርታቸውን ትተው በር ላይ አይቁሙ። ሌላም አለኝ፤ መጀመሪያ ግን ይሄ ነው።»

«ፋብሪካ ነው ወይስ ጡት ማጥቢያ?» አሉ የክፍል አለቃው ከመድረክ። ፊት ያሉት ሳቁላቸው።

«አለቃችን፣ እርስዎን ያጠቡዎት እናት ማሽን ላይ ቢሆኑና ዘበኛ ቢይዛቸው ኖሮ፣ ዛሬ እዚያ መድረክ ላይ ማን ይቀመጥ ነበር?»

አሁን የሳቀው አዳራሹ ነው፤ ፊት ያሉትም ጭምር። ፊታቸውን የሸፈኑት አሮጊት እጃቸውን አወረዱና እልል አሉ።

ሰው ተሰልፎ ወረቀቱን በጠመኔ ካርቶኔ ከተተ። ታዛቢው ቆጥሮ ሲጨርስ ማን እንዳሸነፈ ለመናገር ጊዜ አላገኘም፤ የመፈተያው ሴቶች ከፊቱ አንብበው ኖሮ ጎረቤቴን ከመሬት አንሥተዋታል። የመዳብ አገሩን ወሬ ጋሼ በሰፈሩ ሁሉ ስለነዙት የክፍል አለቃው ጆሮም ደርሶ ነበር። ከደረት ኪሳቸው የማኅበሩን ማኅተም አወጡና ሰጧት። «በሉ እንግዲህ» አሉ፣ «እኔ የመዳብ አገሩ ሽማግሌ ሆንኩ። ሽማግሌውም በሰላም ነው ያስረከቡት፣ እኔም በሰላም።» ለዚህም ተጨበጨበላቸው፤ ይገባቸዋል።

መጋዘኑ በአንድ ቀን አልተለቀቀም። ሥራ አስኪያጁ አንድ ጊዜ በጀት የለም፣ አንድ ጊዜ ሕፃን ያለቅሳል አለ። ጎረቤቴ ማኅተሙን በመሐረብ ቋጥራ እየያዘች በየሳምንቱ ቢሮው ትገባ ነበር። ምን እንደምትለው ስጠይቃት፣ «ወደ በሩ በሮጥኩ ቁጥር ማሽኔ ይቆማል፣ ልጄ ውስጥ ካለ አይቆምም። በቃ ይሄንኑ ነው የምደጋግምለት፤ አንተ ለልጆቹ እንደምትደጋግመው» አለችኝ። በመጨረሻ የሰለቸው እሱ ነው። አይጦቹ ተባረሩ፣ ግድግዳው ኖራ ተቀባ፣ መስኮት ተከፈተ፤ ያን ዕለት እልል ያሉት የጽዳት ሠራተኛ ሕፃናቱን እንዲጠብቁ ተመደቡ።

በመጀመሪያው ቀን ጠዋት ወደ ትምህርት ቤት ከመሄዴ በፊት አይቼ ልለፍ ብዬ በፋብሪካው በኩል ዞርኩ። እናቶቹ ሕፃናቱን አዝለው በአንድነት መጡ። ያ ዘበኛ ሁልጊዜ የሚከፍተው አንዱን ትንሽ መግቢያ ነበር፤ በዚያ ቀን ግን ለጭነት መኪና ብቻ የሚከፈቱትን ሁለቱንም ትላልቅ በሮች ወለል አድርጎ ከፈተ። «ፕሬዚዳንት ሲገባ በትንሿ በር አይገባም!» እያለ በዱላው ሰላምታ ይሰጣል። ጎረቤቴ ልጇን እንዳዘለች «አንተ ቀላማጅ፣ ትናንት ማን ነበር የያዘኝ?» ብላው አለፈች።

በዚያ ቀን ከእረፍት በኋላ ክፍል ስገባ የኋላው አግዳሚ ሙሉ ነበር። የክፍሌ አለቃ ተነሥታ፣ «ቲቸር፣ የቀረ የለም» አለች። ወንዞችን ነበር የማስተምረው፤ የጸዳውን ሰሌዳ ደግሜ ጠረግሁት።

የመዳብ አገሩን ነገር መከታተል አላቋረጥንም ነበር። ከጥቂት ዓመታት በኋላ ግን ዜናው እየተለወጠ መጣ። የመንግሥት ፋብሪካዎች ይሸጡ ጀመር፣ ሥራቸውን ያጡ ሠራተኞችም በገዛ መሪያቸው ላይ አጉረመረሙ። ከዚያም ሁለተኛው ምርጫ ሲቀርብ ሕጉ ተለወጠና በሰላም ያስረከቡት ሽማግሌ እንዳይወዳደሩ ተደረገ። ይህ ሲነገር ጋሼ ሬዲዮውን በዘንጋቸው ጠቆሙ።

«ያ ወያላ» አሉ፣ «ወራጅ አለ ማለቱን ረሳ።»

እኔ ላስረዳ ሞከርኩ። ያደረገው ደግ ነገር መጥፎውን አይሰርዘውም፣ መጥፎውም ደጉን አይሰርዘውም፤ ሰውየው አንድ በር ከፍቷል፣ በኋላ ደግሞ ራሱ በሩ ላይ ቆመ። ጎረቤቴ ልብስ እያጣጠፈች ሰማችን። ሕፃኑ አድጎ በግቢው ይሮጣል፤ ልጅቷ ሚኒስትሪ አልፋ ሁለተኛ ደረጃ ገብታለች።

«የእኔ ዘመን መቼ ነው የሚያልቀው?» አለች።

«ዘንድሮ። ግን መተዳደሪያ ደንባችሁ እንደገና መወዳደር…»

«ደንቡን አውቀዋለሁ።»

የመሰናበቻው ስብሰባ የተደረገው በዚያው አዳራሽ ነው። ዳግመኛ ስሟ ተጠራ፤ ጭብጨባው ጣሪያውን አናጋው። ተነሥታ፣ «አመሰግናለሁ፣ ከእንግዲህ አልፈልግም» አለች።

እንዴት ደስ አላቸው! «ደግሞ መግደርደር ጀመረች!» ብሎ አንዱ ጮኸ። ያ ሁሉ ሰው ይለምናት ገባ። ሴቶቹ በማርያም አሏት፣ ወንዶቹ ተነሥተው ቆሙ፤ ከሁሉ ይልቅ የለመኗት የክፍል አለቃው ነበሩ። አልፈልግም ባለች ቁጥር ልመናው ይብሳል። እኔ ከኋላ ቆሜ፣ እንዴት እንደምታሳምናቸው ግራ ገባኝ።

መሐረቧን ፈታች። ማኅተሙን አውጥታ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችና ከመድረኩ ወርዳ ሴቶቹ መካከል ተቀመጠች። ከዚያ ሆና ነው የተናገረችው።

«ያን ጊዜ እፈልጋለሁ ስል አመናችሁኝ። ዛሬስ አልፈልግም ስል ለምን አታምኑኝም? መጋዘኑ ተለቋል፣ ሕፃናቱ ገብተዋል፣ ማሽኔም ናፍቆኛል። ማኅተሙ እዚያ ነው። የሚፈልግ ሰው እንደ እኔ ይነሣና ይበል።»

ልመናው እየቀነሰ፣ እየቀነሰ ሄደ። ሰው ማኅተሙን ያያል። ከዚያ ከመስኮቱ በኩል አንድ ወጣት ጥገና ሠራተኛ፣ ጆሮው ድረስ ቀልቶ፣ «እኔ… እፈልጋለሁ» አለ። ሳቅ ሆነ። ሳቁ ሳያልቅ ከመፈተያው አንዷ «እኔም እፈልጋለሁ!» ብላ ተነሣች። ከማቅለሚያ ክፍል ሌላ ተነሣ። ታዛቢው ስም ለመጻፍ ቦታ ጠበበውና ወደ እኔ ዞሮ ጠመኔ ለመነኝ። ጎረቤቴ እጇን አገጯ ላይ አድርጋ እንደ ሠርግ ታዳሚ ትስቃለች።

በዚያው ወር የእድሩ ጠቅላላ ስብሰባ ነበር። ጋሼ እንደ ዓመቱ ልማዳቸው ዘንጋቸውን ተመርኩዘው ተነሡ። «ደክሞኛል፣ ዓይኔም ፈዟል፣ ሌላ ምረጡ» አሉ። ሴቶቹ አፋቸውን ከመክፈታቸው በፊት ጎረቤቴ ከመካከል ተነሣች።

«ጋሼ፣ ከልብዎ ነው? ከልብዎ ከሆነ እናምንዎታለን።»

ጋሼ ግራ ቀኝ አዩ። የሚለምን ሰው የለም፤ ሁሉም መልሳቸውን ይጠብቃል። ዘንጋቸውን አንዴ ወደ ግራ፣ አንዴ ወደ ቀኝ እጃቸው አዛወሩ።

«አይ…» አሉ በመጨረሻ። «ምንም አልደከመኝም። እፈልጋለሁ። ማርያምን፣ እፈልጋለሁ!»

ያን ዓመት እንደ ተመረጡት ያህል በጭብጨባ ተመርጠው አያውቁም።